የእታገኝ ሰሌዳና የሰላሙ ሽማግሌዎች

ሽማግሌ ሆነን እታገኝ ቤት የሄድነው የካቲት አሥራ ሁለት ቀን ነው። ነው እላለሁ እንጂ እርግጠኛ አይደለሁም። የካቲት አሥራ ሁለት ከሆነ የሰማዕታት ቀን ነው፤ ከሽማግሌዎቹ አንዱ አቶ ሕሩይ ደግሞ በዚያ ቀን ጠዋት ስድስት ኪሎ ሐውልቱ ሥር ሳይቆሙ ውለው አያውቁም። እኛ ጋር ግን ከማለዳ ጀምሮ ነበሩ። ታዲያ መጋቢት አሥራ ሁለት ይሆን? መጋቢት ከሆነ ጾም ገብቷል፤ ቅዳሴ በጠዋት አይወጣም። ሦስተኛችን አባ ወልደ ኢየሱስ ግን የየካ ሚካኤልን ቅዳሴ ጨርሰው ሦስት ሰዓት ላይ ነው የተቀላቀሉን። አንዱ ትዝታዬ ሌላውን ያፈርስብኛል። የሚካኤል ዕለት እንደነበረ ብቻ አልጠራጠርም።

እታገኝ የጥድ አምባ ኮሌጅ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ናት። ኮሌጁ ከላምበረት ወደ ተራራው ሲወጡ፣ ባሕር ዛፉ ሊጀምር ሲል ያለው ነው። እሷ ሁለተኛው መስኮት ላይ ተቀምጣ ሠላሳ ዓመት አለፋት። ተማሪ ሲመዘገብም፣ ሲመረቅም፣ ሲባረርም ፊቷን ሳያይ አያልፍም። በሕይወቷ ኳስ ነክታ አታውቅም። ነገር ግን የመስኮቷ ፊት ለፊት የመረብ ኳስ ሜዳው ነው፤ ፋይል እያገላበጠች በዓይኗ ጥግ ስታይ ስታይ፣ ሳታስበው ማን በግራ እጁ እንደሚመታ፣ ማን ሲናደድ ኳስ እንደሚያባክን ለይታ አወቀች።

ተማሪ ሳለሁ ከመስኮቷ ጎን አረንጓዴ ጨርቅ የለበሰ ሰሌዳ ተሰቅሎ ነበር። ለፈተና ውጤት ነው የተሰቀለው። እሷ ግን ከታች በኩል አንድ ጥግ ወስዳ የኮሌጁን የመረብ ኳስ ውጤት መለጠፍ ጀመረች። ከዚያ ተማሪው በወረቀቱ ጠርዝ ላይ በእስክሪብቶ አስተያየቱን ይጽፍ ጀመር። «ዳኛው ዓይኑን ይታከም።» «ቁጥር ሰባት ቁርስ ሳትበላ ነው የመጣችው።» እታገኝ ደግሞ በቀይ ትመልሳለች። «በልታለች። አይቻታለሁ።» እኔም በሕይወቴ የመጀመሪያውን ጽሑፍ ያወጣሁት እዚያ ላይ ነው። ስለ አንድ ሽንፈት አንድ ገጽ ተኩል ጻፍኩና ሰጠኋት። አነበበችው፤ ግማሹን ገጽ በመቀስ ቆርጣ ጣለችና የቀረውን ለጠፈችው። የቀረው የተሻለ ነበር።

ሰሌዳው ኋላ ላይ ወደ ኢንተርኔት ገባ። መጀመሪያ አንድ የኮምፒውተር ተማሪ ድረ ገጽ ሠራላት፤ ከዚያ ፌስቡክ፣ ከዚያ ቴሌግራም። ስሙ ግን ሁሌም «ሰሌዳው» ነበር። አራት ሺህ ከሚበልጡት አባላት ብዙዎቹ ከኮሌጁ ከወጡ ዓመታት ቆጥረዋል። አስተማሪ የሆነ አለ፤ ዳቦ ቤት የከፈተ አለ። ቅዳሜ ጨዋታ ሲኖር ግን ሁሉም እንደገና የሁለተኛ ዓመት ተማሪ ይሆናል፤ ይሳደባል፣ ይማጸናል፣ አሰልጣኝ ይሽራል። እታገኝ በመሃል ትገባና «ጌድዮን፣ ያን ቃል ሰርዝ» ትላለች። ጌድዮን የባንክ ሥራ አስኪያጅ ነው፤ ይሰርዛል። በስቅለት ዕለት ግሩፑን ጥርቅም አድርጋ ትዘጋዋለች። «ዛሬ እንኳ ዳኛ አትስደቡ» ብላ።

ብዙ ደንብ አልነበራትም። የተጫዋች እናት አትነካም፤ ዳኛ በዘሩ አይሰደብም። ከሁሉ የምታጠብቀው ግን አንድ ነበር፤ በሰው ላይ ሐሰት የጻፈ፣ እዚያው በጻፈበት ቦታ ይቅርታ ይጠይቃል። በውስጥ መስመር፣ በስልክ፣ በአማላጅ አይቻልም። ሐሰቱን ያየው ሰው ሁሉ ይቅርታውንም ይየዋ!

ነገሩ የመጣው ከሰላሙ ነው። ሰላሙ የኮሌጁ የቀድሞ ተማሪ ነው፤ አሁን መገናኛ አንድ ሕንፃ ላይ ስልክ ይጠግናል። ሰሌዳው ላይ «ተርቡ» ይባላል። ምላሱ ክፉ ነው፤ መረጃው ግን ከኮሌጁ ስፖርት ክፍል ይበልጣል። ጨዋታው የት እንደተዛወረ፣ አውቶቡሱ በስንት ሰዓት እንደሚነሳ፣ የማን ቁርጭምጭሚት እንዳበጠ የሚያውቀው እሱ ነው። ሰው እየሰደበውም ይወደዋል።

ከገና በፊት የኮሌጆች ውድድር ፍጻሜ ላይ የእኛ ሴቶች ሁለት ዙር መርተው በአምስተኛው ተሸነፉ። ኳስ አቀባያችን ዶርቃ፣ የሦስተኛ ዓመት ተማሪ፣ በመጨረሻው ዙር ሁለት ሰርቪስ መረብ ላይ አሳረፈች። በቃ፤ ይኸው ነው። በማግሥቱ ጠዋት ሰላሙ አንድ ፎቶ ለጠፈ። ዶርቃ መገናኛ አንድ ኬክ ቤት ከአንድ ሸምገል ያለ ሰው ጋር ተቀምጣለች፤ በመሃላቸው ሻንጣ አለ። ከሥሩ፣ «ፍጻሜው ያለቀው እዚህ ጠረጴዛ ላይ ነው። ሰውዬው ከማን ወገን እንደሆነ እኔ አልናገርም። ሻንጣውን ግን እዩት» ብሎ ጻፈ።

ሰውዬው የዶርቃ አጎት ነው። ደሴ የባዮሎጂ አስተማሪ ነው፤ ሻንጣው ውስጥ እናቷ የላከችላት ብርድ ልብስ ነበር። ይህ እስኪጣራ ፎቶው የቤተ ክርስቲያኗ መዘምራን ግሩፕ ውስጥ ገባ፤ የዶርሟ ልጆች ግሩፕ ውስጥ ገባ። እሑድ ከአምልኮ በኋላ መሪዋ ወደ ጎን ጠርቷት «እህቴ፣ የምትነግሪን ነገር አለ?» አላት።

እታገኝ ጽሑፉን አጠፋችና ሰላሙን «እዚሁ ዋሽቻለሁ በል» አለችው። «ጥያቄ ነው ያነሳሁት፤ ጥያቄ ይቅርታ አይጠየቅበትም» አለ። አስወጣችው።

በሳምንቱ ዶርቃ ወደ መስኮቷ መጣች። እታገኝ የነገረችኝን እንዳለ እጽፋለሁ።

«እትዬ፣ እንዲቀጣልኝ አልፈልግም። እዚያው የጻፈበት ላይ ዋሽቻለሁ ይበል። ከዚያ ቢመለስ ደስ ይለኛል። ሳይል ከተመለሰ ግን እኔ መለያውን አልለብስም።»

መለያውን ካልለበሰች መማር አትችልም፤ ኮሌጁ ያለ ክፍያ የሚያስተምራት ስለምትጫወት ነው። እታገኝም ይህን ከማንም በላይ ታውቃለች፤ ፋይሉ እሷ ዘንድ ነው።

«ሳይል አይመለስም» አለቻት።

ገና አለፈ፤ ጥምቀት አለፈ። ሰሌዳው ያለ ሰላሙ ቀዘቀዘ። «ተርቡ ይመለስ» የሚል በዛ። አንዱ «ከሱ ስድብ ይልቅ የናንተ ጨዋነት ገደለን» ብሎ ጻፈ። አንድ ቀን ሰላሙ ራሱ ቢሮዬ ድረስ መጣ።

«ጋሼ፣ ሽማግሌ ሁኑልኝ።»

«ለቴሌግራም ሽማግሌ?»

«ለቴሌግራም አይደለም። ለእትዬ እታገኝ ነው። አባ ወልደ ኢየሱስን ለምኛለሁ፤ የነፍስ አባቷ ናቸው። ጋሽ ሕሩይም እሺ ብለውኛል። ሁለቱም ግን ቴሌግራም ምን እንደሆነ አያውቁም። የሚያስረዳ የተማረ ሰው ጠፋ።»

ሳቅኩ። ደስም አለኝ፤ መካድ አልችልም። ሃምሳ ዓመቴ ነው፤ ሽማግሌ ሁን ያለኝ ሰው እሱ የመጀመሪያው ነበር።

እታገኝ የምትኖረው ከየካ ሚካኤል ጀርባ፣ ዳገቱ ላይ ነው። በሩን ከፍታ ሦስታችንን ስታይ ሰላምታ እንኳ አላስቀደመችም።

«ሰላሙ ነው የላካችሁ?»

«ኧረ መጀመሪያ ግቡ በይን» አሉ አቶ ሕሩይ። ጡረታ የወጡ የስፖርት አስተማሪ ናቸው፤ የኮሌጁን ቡድን የመሠረቱት እሳቸው ናቸው።

«ግቡ። ተቀመጡ።»

ገባን፤ አልተቀመጥንም። ግድግዳውን ተደግፈን በተርታ ቆምን።

«እሺ ሳትይን አንቀመጥም» አሉ አባ።

«አባቴ፣ ጉልበትዎን እኮ ያምዎታል።»

«ያመኛል። ስለዚህ ቶሎ እሺ በይኝ።»

አቶ ሕሩይ ሳቃቸውን በጋቢያቸው ሸፈኑ።

«ለመሆኑ ልጁን ያስወጣሽው ከምንድን ነው?» አሉ አባ።

«ከግሩፕ ነው፣ አባቴ።»

ወደ እኔ ዞሩ። የመጣሁት ለዚህ አይደል? «ስልክ ውስጥ ያለ ማኅበር ማለት ነው፣ አባ» አልኳቸው።

«ዝክር አለው?»

«የለውም።»

«ጠላስ?»

«እሱም የለም።»

«እንግዲያ በምን ሞቅ ብሏችሁ ነው እንዲህ የምትጣሉት?»

እታገኝ አልሳቀችም። «የተበደልኩት እኔ አይደለሁም፣ አባቴ። ዶርቃ የምትባል ተማሪ ናት። ስሟን አጥፍቷል። ይቅርታውን እሷን ይጠይቅ፤ እኔ ራሴ እመልሰዋለሁ።»

«እሷ ዘንድ በማን በኩል እንግባ?» አሉ አቶ ሕሩይ። «ወላጆቿ ደሴ ናቸው። እዚህ ያላት አንድ አልጋ ነው። ዶርም ሽማግሌ ይላካል? ዘበኛው መታወቂያ አምጡ ሲለን ሽማግሌ ነን እንበለው?»

«በሉታ!» አለች እታገኝ።

«እታገኝዬ፣ ቤት ያለሽ አንቺ ነሽ። ያስወጣሽውም አንቺ ነሽ። ሽማግሌ የሚገባው በር ወዳለው ነው።»

እንዲህ ሲሉ ማናችንም አልደነገጥንም። ዛሬ ሳስበው የሚያበግነኝ ይህ ነው። ሦስት ሰዎች፣ አንዱ ዩኒቨርሲቲ የጨረሰ፣ ተበዳይዋ በሌለችበት ቆመን ልናስታርቅ ነበር፤ ምክንያታችንም በር ስለሌላት ነው። ስንታረቅ የኖርነው እንዲህ ነው። የሚለመነው ደጃፍ ያለው ነው፤ ሌላው ሲነገረው ይሰማል።

ሩብ ሰዓት ያህል ቆምን። የአባ እግር መንቀጥቀጥ ጀመረ፤ መቋሚያቸውን በሁለት እጃቸው ያዙ። እታገኝ አየቻቸው። እኔ ደግሞ እሷን አየኋትና መጨረስ እንዳለብኝ ተሰማኝ።

«እታገኝ፣ ይጽፋል። እዚያው በጻፈበት ላይ ዋሽቻለሁ ብሎ ይጽፋል። እኔ ዋስ ነኝ።»

«አንተ?»

«እኔ።»

ወንበር ጎትታ አባ አጠገብ አቆመች። ከዚያ «አባቴ፣ ይቀመጡ» አለች።

ሰላሙ ከደጅ ሲጠብቅ ኖሯል። ተጠራና ገባ። ድንጋይ ተሸክሟል፤ እንደ ድሮ ሰው አንገቱን ደፍቶ፣ ትከሻው ላይ የጡብ መጠን ያለው ድንጋይ። እግሯ ላይ ወደቀ። «ይቅር ለእግዚአብሔር» አለ። «ይቅር» አለች። አባ መረቁ። አቶ ሕሩይ «ዝርዝሩን ለፈጣሪ እንተወው፤ የታረቀ ነገር አይነሳም» ብለው ዘጉት። እታገኝ ስልኳን አውጥታ እዚያው ፊታችን መለሰችው።

ገና ዳገቱን ወርደን ሳንጨርስ ስልኬ መንጫጫት ጀመረ። ከሰላሙ ጋር የመጣ ጓደኛው በር ላይ ቆሞ ፎቶ አንስቶት ኖሯል። ሰላሙ ድንጋዩን ተሸክሞ፣ ጥርሱን ገልጦ። «በሽማግሌ ወደ ቴሌግራም የተመለሰ የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊ» ብሎ ራሱ ሰላሙ ሰሌዳው ላይ ለጥፎታል። ስድስት መቶ ሰው ሳቀ። እውነቱን ለመናገር፣ ያስቃል። ስለ ዶርቃ ግን አንድ ቃል የለም።

ደወልኩለት።

«ጻፍ እንጂ።»

«እሺ ጋሼ። ዛሬ ሰው ደስ ብሎታል፤ አናበላሸው። ነገ።»

በማግሥቱ ሱቁ ድረስ ሄድኩ። የተፈታታ ስልክ ላይ አጎንብሶ ነበር።

«ጋሼ፣ ታርቀናል እኮ። ጋሽ ሕሩይ ምን አሉ? የታረቀ ነገር አይነሳም አላሉም? አሁን እኔ ብጽፍ ነገር ቀስቃሽ እኔ ልሆን ነው።»

«እኔ ዋስ ሆኛለሁ፣ ሰላሙ።»

«ማን ሁኑ አለዎት? ሽማግሌ ሁኑ ነው ያልኩት።»

ሱቁን ትቼ ወጣሁ። ለክፋት እንዳልሆነ አውቃለሁ፤ ያመነበትን ነው የሚናገረው። በሱ ቤት ሒሳቡ ተዘግቷል። ድንጋይ ተሸክሟል፣ እግር ስሟል፣ ተመርቋል፤ ከዚህ ሌላ ምን ቀረ? ሁለት ሳምንት ስመላለስበት ቆይቼ በመጨረሻ አንድ መስመር ጻፈ። «ባለፈው ነገር ቅር ያለው ካለ ይቅርታ» ይላል፤ መጨረሻው ላይ የሚስቅ ፊት አለበት። አቶ ሕሩይን አማከርኳቸው። «ይኸው ጠየቀ አይደል እንዴ? አንተ ደግሞ ታጠብቃለህ» አሉኝ። አባ ዘንድም ሄድኩ። ጉልበታቸውን እየታሹ «ልጅቷ ራሷ መጥታ ብትነግረኝ» አሉ። ማን ያምጣት? እኔስ በየትኛው ፊቴ?

ዶርቃ መለያውን አወለቀች። ማንንም አልተናገረችም፤ ልምምድ መቅረት ብቻ ጀመረች። ሌሎቹ ልጆች በእንጦጦ ባሕር ዛፍ ሥር ሲሮጡ እሷ ቤተ መጻሕፍት ትቀመጣለች። አሰልጣኙ ሁለት ጊዜ አስጠራት። በሦስተኛው ስሟን ለአስተዳደሩ ጻፈ፤ እሱም ደንቡ ነው። ሚያዝያ ላይ ወደ ሁለተኛው መስኮት መጣችና «እትዬ፣ መልቀቂያ ይሙሉልኝ» አለች።

«እንደገና አስወጣዋለሁ» አለቻት እታገኝ። «አሁኑኑ። ዓይንሽ እያየ።»

«ተዉት፣ እትዬ። ሽማግሌ የገባበት ይፈርሳል እንዴ? እርስዎም መጥፎ ይባላሉ። እኔ የማዝነው፣ አንድ ሰው እንኳ መጥቶ ዶርቃ ምን ትያለሽ አላለኝም። ቅርብ ነበርኩ እኮ። ከዚህ መስኮት እታያለሁ።»

እታገኝ መልቀቂያውን ሞላች። በሠላሳ ዓመት ውስጥ ስንቱን ሞልታለች! ያን ቀን ግን ሁለት ጊዜ አበላሽታ ሦስተኛ ቅጽ አወጣች።

በዚያው ሳምንት ስልኬ ላይ መልእክት መጣ። የሰሌዳው ባለቤትነት ወደ እኔ ተዛውሯል ይላል። ቀጥሎ ሌላ፤ «እታገኝ ግሩፑን ለቀዋል።» ደወልኩ፤ አላነሳችም። በሰሌዳው ላይ ሰው «ምን ሆነች?» «ታማ ነው?» ይላል፤ ሰላሙ ራሱ «እትዬ፣ ያለርስዎ ምን ዋጋ አለን» ብሎ የሚያለቅስ ፊት ለጥፏል። አሁን ላስወጣው እችላለሁ፤ አንድ ጣት ነው። ያስታረቅኩ ሽማግሌ ሆኜ ግን እንዴት አድርጌ? ሁለት ቀን ጣቴን ሰቅዬ ቆየሁ። ከዚያ ተቀምጬ ራሴ ይቅርታ ጻፍኩ። ከፎቶው ሥር የተጻፈው ሐሰት እንደነበረ፣ ሰውዬው አጎቷ እንደሆነ፣ ተበዳይዋን ሳንጠይቅ እንዳስታረቅን፣ በስም፣ በዝርዝር። ሠላሳ ሰባት ሰው አነበበው። የድንጋዩን ፎቶ ያየው ሁለት ሺህ ነበር።

ዶርቃ የምትሄድበትን ቀን ከኮሌጁ ዘበኛ ሰማሁ። ጎሕ ሲቀድ ላምበረት መናኸሪያ ደረስኩ። ተሸካሚዎች ሻንጣ እየተቀባበሉ አውቶቡስ ጣሪያ ላይ ይጭናሉ። ዶርቃ መስኮት አጠገብ ተቀምጣ፣ ያን ብርድ ልብስ ጉልበቷ ላይ አጥፋ ይዛለች። አየችኝ፤ በጨዋ ደንብ ጎንበስ ብላ ሰላም አለችኝና ፊቷን ወደ ውስጥ መለሰች። እታገኝ ከበሩ አጠገብ ቆማለች። እሷም ቦርሳ ይዛለች።

«ልትሸኚያት መጣሽ?»

«አብሬያት እሄዳለሁ። የዓመት ፈቃዴን ወስጃለሁ። እናቷ ፊት ቀርቤ ልጅሽን እንደዚህ አደረግናት እላለሁ። ከዚያ በኋላ እንግዲህ ያባርሩኛል፣ ያስገቡኛል፣ የነሱ ነው።»

«የጻፍኩትን አየሽው?»

«ዶርቃ አሳየችኝ።»

«እና?»

«ጥሩ አማርኛ ነው» አለች። ከዚያ ዓይኔን አየችና ትንሽ ለዘብ አለች። «ያጠፋው ቢጽፈው ጥሩ አማርኛም አያስፈልገው ነበር።»

አንድ ጥያቄ ነበረኝ። ሌሊቱን ሙሉ ያዘጋጀሁት እሱን ብቻ ነበር። ያን ዕለት እኔ ዋስ ነኝ ባልል ኖሮ፣ አባ እስኪወድቁ ድረስ ቆመው ቢውሉም እንኳ፣ እንቢ ትይ ነበር ወይ? እሷ እንቢ ትል ከነበረ ጥፋቱ የኔ ነው፤ ካልሆነም የሁላችን።

«እታገኝ፣ አንድ ነገር...»

«ደሴ! ደሴ ሞልቷል! ሸኚ ዞር በል!» ረዳቱ በክንዱ ገፋ አደረገኝ። እታገኝ ቀሚሷን ሰብስባ ደረጃውን ወጣች። አልዞረችም። በሩ ተዘጋ፤ አውቶቡሱ ወደ ኋላ ተንቀሳቀሰ፣ ከዚያ መሪውን ጠምዝዞ ወደ ዋናው መንገድ ወጣ።